የእማማ ጥሩነሽ ኮሪደርና ስድስቱ አምፖሎች

ሃያት እባላለሁ፤ ዕድሜዬ አሥራ ሰባት ነው፤ ዘንድሮ ከሥራ ዓለም ጡረታ ወጥቻለሁ። የሚስቁብኝ አሉ፣ ይሳቁ። ከስድስተኛ ክፍል ክረምት ጀምሮ እስከ አሥረኛ ክፍል ማትሪክ ድረስ አንድ ባንኮኒ ጀርባ የቆመ ሰው የሥራ ዘመን አለው ባይ ነኝ። አሥራ አንደኛ ክፍል ትምህርቱ ሙሉ ቀን ስለሆነ እናቴ «በቃ፣ አምፖሉን ለአምፖል ሻጮች ተዪላቸው» አለችኝ። አጎቴ ነስሩም የሱቁን ትርፍ ቁልፍ ከእጄ ሲቀበል፣ «ወላሂ ሃያትዬ፣ እኔ በዚህ ዕድሜዬ ያላገኘሁትን ጡረታ አንቺ ቀደምሽኝ» ብሎ አሾፈብኝ።

ለመጻፍ ያነሳሱኝ የአማርኛ መምህራችን ናቸው። «የምታውቁትን ጻፉ» ሲሉን የክፍሉ ልጆች ስለ ወንዝና ስለ ጨረቃ ጻፉ። እኔ የማውቀው አምፖል ነው። ስለ አምፖል ሁለት ገጽ ጽፌ ብሰጣቸው በቀይ እስክሪብቶ «ቀጥዪ!» ብለው መለሱልኝ። ያንን ቃለ አጋኖ አይቼ እንዴት እንደተደሰትኩ አልነግራችሁም። ይኸው ቀጠልኩ።

የአጎቴ የኤሌክትሪክ ዕቃ መሸጫ ካዛንቺስ ነው፣ በአንድ ልብስ ሰፊና በአንድ ፎቶ ቤት መካከል የተሰነቀረ። ሁለት ደንበኛ ከገባ ሦስተኛው በረንዳ ላይ ሆኖ ነው የሚገበያየው። ትምህርቴ ፈረቃ ስለነበር ግማሽ ቀን ተምሬ፣ ከቂርቆስ በእግሬ ሽቅብ እየወጣሁ ግማሽ ቀን እሠራ ነበር። ደመወዜ ደብተርና ጫማ ነው፤ እሱን በዚሁ እንለፈው። የመጀመሪያ ሹመቴ አቧራ ማራገፍ ነበር። ቀጥሎ የዋስትና ወረቀት ላይ ቀን መጻፍ። ሰባተኛ ክፍል ስገባ ደግሞ ወደ መሞከሪያው ተዛወርኩ።

መሞከሪያው የሱቁ ልብ ነበር። መቼም በእኛ አገር አምፖል ሳይሞከር አይሸጥም። ባንኮኒው ላይ አንድ ጣውላ አለ፤ በላዩ የየዓይነቱ ሶኬት ተደርድሯል፤ ደንበኛው «እስቲ ሞክሪልኝ» ይላል፣ እኔ እሰካለሁ፣ ቦግ! ደንበኛው በእጁ ዓይኑን ጋርዶ «አዎ፣ ይሄ ይሁን» ይላል። ቦግ ካላለ አይገዛም። በፊቱ ሳያበሩ በካርቶን የሰጡት ሰው ተታለልኩ ብሎ ነው የሚሄደው።

ሰው አምፖል የሚጠይቀው በዋት ሳይሆን በሻማ ነበር። ስልሳ ሻማ፣ መቶ ሻማ። ኤል ኢ ዲ መምጣት ሲጀምር የገጠመንን ክርክር አልረሳውም። አንድ ሽማግሌ ሃምሳ ሻማ ፈልገው መጡ፤ እኔ ባለ ሰባት ዋቱን አቀረብኩላቸው።

«ሰባት ሻማ?» አሉኝ። «ልደት ላከብር መሰለሽ እንዴ?»

«አባባ፣ የድሮው ሃምሳ ሻማ የሚሰጠውን ብርሃን ነው የሚሰጥዎት። ያ ይግል ነበር፣ ይሄ አይግልም።»

«እና ሙቀቱን ለማን ተዋችሁት?» ብለው ሳይገዙ ሄዱ። በሳምንቱ ተመልሰው አራት ወሰዱ።

ትራክ ላይት የመጣውም ያኔ ነው፤ ሰዉ ሳሎኑን ጂፕሰም ሲያስመታ። ለማያውቀው ልንገር፦ ጣሪያ ላይ የሚጋደም አንድ ቀጭን ሐዲድ ነው። በሐዲዱ ላይ ትናንሽ የመብራት ጭንቅላቶች አሉ፤ ወደፈለጉበት ይንሸራተታሉ፣ አንገታቸውም ወደፈለጉበት ይዞራል። ሰው ሐዲዱን ሲገዛ ይዘንጣል፣ ቀለም ያማርጣል። አምፖሉ ጋ ሲደርስ ግን «ያገኘሽውን ስጪኝ» ይላል። ጥፋቱ ሁሉ የሚጀምረው እዚያ ላይ ነው። ይሄን ያስተማሩኝ ጋሽ ታደሰ ናቸው።

ጋሽ ታደሰ የአጎቴ ባለሙያ ነበሩ፣ ቀጭን፣ መነጽራቸው እንደ ጠርሙስ ቂጥ የወፈረ። በወጣትነታቸው የቲያትር መድረክ መብራት ይሠሩ ነበር። እንደ ሌላው ኤሌክትሪሺያን አይደሉም፤ ሰው ቤት ሲገቡ ጣሪያ አያዩም። መጀመሪያ ቁጭ ይላሉ። ሶፋው ላይ ይቀመጣሉ፣ ምግብ ጠረጴዛው ጋ ይቀመጣሉ፣ ከተፈቀደላቸው አልጋው ጫፍ ላይም ይቀመጣሉ። «እዚህ ማን ነው የሚቀመጠው? ምን ያደርጋል?» ብለው ይጠይቃሉ። ባለቤቶቹ «ኧረ ጋሼ፣ እንደፈለጉ ይትከሉት» ሲሉ፣ «እኔ አልኖርበትማ» ይላሉ። መብራቱ ከበራ በኋላም አምፖሉን ቀና ብለው አያዩትም። የሚያዩት ወለሉንና የሰዉን ፊት ነው።

ካርቶን ማንበብ ያስተማሩኝ ሦስት ነገር በመጠየቅ ነው። እግሩ ምንድን ነው? ሁለት ወፍራም እግር ያለው ተሰክቶ ይጠመዘዛል፣ ቀጥታ ከመስመሩ ይሠራል። ሁለት መርፌ የመሰለ እግር ያለው ግን የአሥራ ሁለት ቮልት ነው፣ ያለ ትራንስፎርመር ከሰካሽው እዚያው ይፈነዳል። ቀለሙስ? ሁለት ሺህ ሰባት መቶ የሚለው ቢጫ ነው፣ ስድስት ሺህ አምስት መቶ የሚለው ነጭ፣ እንደ በረዶ። ካርቶን የማያምን ደንበኛ ከመጣ ከኪሳቸው አንዲት ቀይ ጨርቅ ያወጣሉ። አንዴ አንድ ሰውዬ «ለሳሎኔ ነጩን፣ ዘመናዊውን» ብሎ ድርቅ አለ። ጋሽ ታደሰ ጨርቋን በነጩ ሥር ያዟት፤ ቡኒ፣ የሞተች መሰለች። በቢጫው ሥር ያዟት፤ ቀላች። «አሁን ደግሞ እጅህን አስገባ» አሉት። ሰውዬው የራሱን እጅ በነጩ ሥር አይቶ «ታምሜያለሁ እንዴ?» አለ። ቢጫውን ገዛ።

ሦስተኛው አፉ ነው። ጋሽ ታደሰ «አፍ» የሚሉት ብርሃኑ ከአምፖሉ ሲወጣ የሚሰፋበትን ልክ ነው። ካርቶኑ ላይ በዲግሪ ተጽፏል። አሥራ አምስት ጠባብ አፍ ነው፣ ብርሃኑን ሰብስቦ አንድ ቦታ ይተፋዋል። ስልሳ ሰፊ አፍ ነው፣ ይበትነዋል። ይሄን ሁሉ በቃሌ አውቀው ነበር። እንደ ማባዣ ሠንጠረዥ። ማወቅ ብቻውን ግን... እሺ፣ ወደዚያ ልምጣ። ለመጻፍ የከበደኝ ይሄኛው ነው።

ዘጠነኛ ክፍል ነበርኩ። ጋሽ ታደሰ ለቅሶ ሄደው፣ አጎቴ ዕቃ ሊያመጣ መርካቶ ወርዶ፣ ሱቁን ብቻዬን ይዤ ነበር። አንዲት ዘንካታ ሴትዮ ገቡ። እትዬ ሰናይት ይባላሉ፣ ቤታቸው መስቀል ፍላወር አካባቢ ነው፣ አድሰውታል። ለኮሪደራቸው ስድስት ጭንቅላት ያለው ትራክ አስገጥመው አምፖል ነው የቀራቸው።

ልቤ በደስታ ዘለለች። ብቻዬን! እግሩን ጠየቅኳቸው፤ ወፍራሙ ነው። ቀለሙን ነገርኳቸው፤ ቢጫውን ወደዱ። ከዚያ ጠባቡንም ሰፊውንም መሞከሪያው ላይ ሰካሁላቸው። ጠባቡ ባንኮኒው ላይ ፀሐይ ወረደች የሚያሰኝ ክብ ሠራ። ሰፊው አጠገቡ ፈዞ ታየ።

«ኧረ እሱን ተዪው፣ ያ ነው! ቦግ ያለው!» አሉ እትዬ ሰናይት።

«እሱ ነው ጥሩው» አልኩ እኔም። ይሄን ብያለሁ፤ አልክድም። መሞከሪያው ላይ አምፖሉ ከባንኮኒው የሚርቀው አንድ ክንድ ብቻ ነው፤ እዚያ ሁልጊዜ ጠባቡ ያሸንፋል። ኮሪደር ግን ባንኮኒ አይደለም። ማን ነው እዚያ የሚያልፈው ብዬ አልጠየቅኳቸውም። ስድስቱን ጠቅልዬ ሰጠኋቸው፣ «የኔ ጎበዝ» ብለውኝ ሄዱ። ጋሽ ታደሰ ሲመለሱ እንኳ እየፎከርኩ ነው የነገርኳቸው።

በአራተኛው ቀን፣ ሐሙስ ጠዋት፣ እትዬ ሰናይት ተመልሰው መጡ። ፊታቸው ሌላ ሆኗል።

«የሸጥሽልኝ መብራት እናቴን ጣላት» አሉ።

አጎቴ ደነገጠ። «እትዬ፣ መብራት እንዴት ሰው ይጥላል? ምናልባት ምንጣፉ...»

ጋሽ ታደሰ እጃቸውን አንስተው አስቆሙት። «ምን አየሁ አሉ እናትዎ?» ብለው ጠየቁ።

«ቦይ አየሁ ነው የምትለው! ቤት ውስጥ፣ ኮሪደር መሀል፣ ቦይ! ልትሻገረው ዘለለች። የእጇ አንጓ ተሰበረ።»

እኔ ወዲያው ገባኝ። እኔ የቂርቆስ ልጅ ነኝ። በእኛ ሠፈር በየበሩ ክፍት ቦይ አለ። ልጅ ሆነን መራመድ ስንማር ቦይ መዝለልም አብረን እንማራለን፤ መሬት ላይ ጥቁር መስመር ያየ እግር ሳያስብ ይረዝማል። የእትዬ ሰናይት እናት፣ እማማ ጥሩነሽ፣ ዕድሜያቸውን በሙሉ ቂርቆስ ኖረው ልጃቸው ጋ የገቡ ሰው ናቸው። ዓይናቸውንም ሞራ ጀምሮታል። የእኔ ስድስት ጠባብ አፍ አምፖሎች ወለሉ ላይ ስድስት ደማቅ ክብ ሠርተው፣ በየመሀሉ ጨለማ ትተው፣ ኮሪደሩን ባለ አምስት ቦይ አድርገውታል።

«አሁን ከመኝታ ቤቷ አልወጣም ብላለች» አሉ እትዬ ሰናይት፤ ድምፃቸው ወረደ። «ኮሪደሩ መስኮት የለው፣ ቀንም መብራት ነው። ሁለት ሰው ደግፏት እንኳ ትንቀጠቀጣለች። እኔ ሠራተኛ ነኝ፣ ቀን ቤት አልውልም። ወንድሜ ቅዳሜ ከአዳማ መጥቶ ሊወስዳት ነው። እሷ ደግሞ ከቂርቆስ ደጅ ካራቃችሁኝ ገደላችሁኝ ትላለች። ከዚህ ሆና እሑድ እሑድ ቤተ ክርስቲያኑ ትሄድ ነበር፣ ማኅበርተኞቿም እዚያ ናቸው። ምን ላድርግ?»

እኔ ወደ ጓዳ ገባሁና ካርቶኖቹ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። ጋሽ ታደሰ ተከትለውኝ መጡ።

«ከዛሬ ጀምሮ አልሠራም» አልኳቸው።

«ነገ ከሰዓት መሥራት ትተዪ ይሆናል» አሉኝ። «ነገ ጠዋት ግን መስቀል ፍላወር ነን። በየትኛው ፈረቃ ነሽ?»

«ከሰዓት ነኝ።»

«እንግዲያው ይመቻል። አፍንጫሽን ጥረጊ።»

ያን ሌሊት አልተኛሁም ማለት ይቻላል። ዓርብ ጠዋት አንድ ካርቶን አምፖል ታቅፌ፣ ጋሽ ታደሰ መሰላሉን ይዘው፣ በታክሲ ሄድን። ረዳቱ «መሰላሉ የሁለት ሰው ይከፍላል» ሲል ጋሽ ታደሰ «እሱ ቆሞ ነው የሚሄደው» አሉት። እኔ ግን መሳቅ አልቻልኩም።

እማማ ጥሩነሽ አልጋቸው ላይ ተቀምጠዋል፤ ግራ እጃቸው በጀሶ ታሽጓል፤ ምርኩዛቸው ጉልበታቸው ላይ ተጋድሟል። እትዬ ሰናይት ከቢሮ ቀርተው ነበር።

«ይቺ ናት?» አሉ እማማ ትክ ብለው እያዩኝ። «ይቺ ናት ጉድጓድ ቆፍራ የሸጠችልን?»

«ይቅርታ ያድርጉልኝ እማማ። እኔ ነኝ» አልኩ።

«አይ፣ ትንሽዬ ነሽ። እኔ እኮ ጎልማሳ ወንድ መስሎኝ ነው ስረግም የሰነበትኩት። ለአንቺ ይበዛብሻል።» ቀጥለውም፣ «ለመሆኑ የየት ነሽ?» አሉኝ።

«ቂርቆስ። ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ።»

«ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ! ያ ሰፊ ቦይ ያለበት?»

«አዎ።»

«ታዲያ ቂርቆስ ተወልደሽ ቦይ ታስገቢልኛለሽ እንዴ?» አሉና ወደ ግድግዳው ዞሩ። እየቀለዱም እየከፋቸውም ነበር፤ ሁለቱንም ፊታቸው ላይ አየሁት።

ጋሽ ታደሰ «ከፈቀዱልኝ እርስዎ ካሉበት ልይ» ብለው አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጡ። በተከፈተው በር ወደ ኮሪደሩ ተመለከቱ። ከዚያ ያንን ወፍራም መነጽራቸውን አውልቀው ለእኔ ሰጡኝ። «አድርጊና እይ።»

አደረግኩት። ዓለም ቀለጠች። የኮሪደሩ ግድግዳ የለም፣ በሮቹ የሉም፤ የሚታየው ስድስት የሚያቃጥል ደማቅ ክብና በየመሀላቸው ጥልቅ ጥቁር ብቻ ነው። ሴራሚኩ አዲስና የሚያብረቀርቅ ስለሆነ ደማቁ ዓይን ይወጋል፤ ዓይን ሲወጋ ደግሞ ጥቁሩ ይብስ ይጠቁራል። እኔ ራሴ፣ የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ፣ እግሬን ላነሳ ነበር።

መነጽሩን መለስኩላቸው። መሰላሉን ወደ እኔ ገፋ አደረጉት።

መብራቱን ከቆጣሪው አጠፋሁ። ስድስቱን ጠባብ አፎች ጠምዝዤ አወረድኩ። ስድስት ሰፊ አፍ፣ ቢጫ፣ ባለ ስልሳ ዲግሪ ሰካሁ። ብርሃኑ ሴራሚኩን እንዳይመታ የጭንቅላቶቹን አንገት አዙሬ ወደ ግድግዳው አቀናሁት፤ ግድግዳው ክሬም ቀለም ነው፣ ብርሃኑን አለስልሶ ወደ ወለሉ ይመልሰዋል። ይሄን ጋሽ ታደሰ ሲያደርጉት መቶ ጊዜ አይቻለሁ። ቆጣሪውን መለስኩት። ኮሪደሩ እንደ ደመና ቀን ሆነ፤ የሚፋጅም የሚጨልምም ነገር አይታይበትም። ቢያንስ እኔ አላየሁም።

«ነይ እማዬ፣ ተስተካክሏል» አሉ እትዬ ሰናይት።

እማማ በሩ ላይ መጥተው ቆሙ። ወለሉን አዩ። «አልሄድም» አሉ።

«እማዬ ምንም የለም እኮ!»

«ለአንቺ የለም።»

ጋሽ ታደሰን አየኋቸው። ወለሉን ነው የሚያዩት፤ ሊረዱኝ አላሰቡም፣ ወይም እሳቸውም አላወቁም። እኔ መሰላሉ ላይ ነኝ። ነገ ቅዳሜ ነው። የዚያን ጊዜ የተናገርኩትን ማንም አላስተማረኝም፣ በዚህ እስከ ዛሬ እኮራለሁ።

«እማማ» አልኳቸው፣ «አይሂዱ። እዚያው ቆመው በምርኩዝዎ ያሳዩኝ። ቦዩ የት የት ጋ ቀረ?»

እማማ ቀና ብለው አዩኝ። ምርኩዛቸውን አነሱ። «እዚያ» አሉ፣ ከሦስት እርምጃ በኋላ ያለ ቦታ።

መሰላሉን አስጠጋሁ፣ ሁለተኛውን ጭንቅላት አንድ ስንዝር ሳብኩት። «አሁንስ? ደፈንኩት?»

«ግማሹን።»

ትንሽ ጨመርኩ። «አሁንስ?»

«እሱ ተደፈነ። ያ ደግሞ፣ ከመሀል።»

አራተኛውን አዞርኩ። «አሁንስ?»

«ኧረ ቀስ፣ አሰፋሽው!»

በሌላ በኩል አዞርኩት። «እንዲህ?»

«እንዲህ። አንዲት ቀጭን ደግሞ ከወጥ ቤቱ በር ሥር አለች።»

«እሷ የሴራሚኩ መስመር ናት እማዬ» አሉ ልጃቸው።

«አንቺ መስመር በያት። እግሬ ቦይ ነው የሚላት።»

ወርጄ በጉልበቴ ተንበርክኬ አየኋት። የሴራሚኩ መስመር አልነበረችም፤ የወጥ ቤቱ በር ጥላ ናት፣ ግማሽ ተከፍቶ ስለቆመ። እትዬ ሰናይት በሩን ገጠም አደረጉት፣ እኔ ወጥቼ አምስተኛውን ጭንቅላት ወደ በሩ አሳለፍኩት። እንዲህ እያልን እማማ እየጠቆሙ፣ እኔ እየደፈንኩ፣ ስንት ጊዜ እንደወጣሁና እንደወረድኩ አላውቅም። ክንዴ ዛለ፣ ላቤ ዓይኔ ውስጥ ገባ። ጋሽ ታደሰ መሰላሉን ይዘውልኝ ቆመዋል።

በመጨረሻ እማማ ወለሉን ከዳር እስከ ዳር ቃኙት። ምርኩዛቸውን አወረዱት።

«ሌላ አላይም» አሉ።

እትዬ ሰናይት ሊደግፏቸው ተራመዱ። «ተዪኝ» አሏቸው። አንድ እርምጃ። ሁለት። ከሦስተኛው በኋላ የወደቁበት ቦታ ደረሱ። ቀኝ እግራቸው ከፍ አለ፣ ሊዘል፤ እግሩ አየር ላይ ቆየና፣ ከዚያ አጠር ብሎ፣ እንደማንኛውም ሰው እርምጃ፣ ወለሉ ላይ አረፈ። አራተኛውን ረገጡ። አምስተኛውን። ሳሎን በር ላይ ደርሰው ዞሩ፣ ተመልሰውም ወደ እኛ መጡ። እኛ ሦስታችን ከነመሰላላችን ኮሪደሩን ዘግተን አፋችንን ከፍተን ቆመናል።

«ምን ትገተራላችሁ?» አሉ። «መንገድ ልቀቁ እንጂ!»

እትዬ ሰናይት ወደ ግድግዳው ተለጠፉና ፊታቸውን በሁለት እጃቸው ሸፈኑ። እኔ መሳቅ ጀመርኩ፤ ማቆም አቃተኝ፤ ከሐሙስ ጀምሮ ደረቴ ላይ የተቀመጠ ድንጋይ በሳቅ በሳቅ ወጣ። ጋሽ ታደሰ መነጽራቸውን እየጠረጉ «አይ ኢንጂነር» አሉኝ። ከዚያ ወዲያ አንድ ዓመት ሙሉ ሠርቻለሁ፣ ብዙ ሰው አመስግኖኛል፤ ሙገሳ ስሰማ ግን ጆሮዬ ላይ የሚደውለው እሱ ነው።

ገና መሰላሉን ሳናጥፍ የእትዬ ሰናይት ስልክ ጮኸ። የአዳማው ወንድማቸው ነው፤ ለነገው ስንት ሰዓት ልድረስ ሊል ነው። እማማ ጥሩነሽ በደህና እጃቸው ስልኩን ከልጃቸው ተቀበሉ።

«ሄሎ፣ ልጄ። ነገ ና። ምሳ እዚህ ትበላለህ» አሉት። «አይ፣ የምን ሻንጣ? ማንም አይጓዝም። ባይሆን ጠዋት ከደረስክ ቂርቆስ ታደርሰኛለህ።»

ስልኩን መለሱና፣ ምርኩዛቸውን ክንዳቸው ላይ አንጠልጥለው፣ ኮሪደሩን ለሦስተኛ ጊዜ ሊሄዱበት ተነሱ።